ግማሽ ምርቃት

ኑ፣ ወደ ጥላው ጠጋ በሉ። ወንበሩን ሳቡት፤ የኔው ወንበር ነው፣ ዛሬ ኪራይ የለውም። በዚህ ሰዓት የሸዋ ሮቢት ፀሐይ አናት ትበሳለች፤ ቆሞ የሚሰማ ሰው ደግሞ ልቡ መንገድ መንገዱን ነው የሚያየው። ተቀመጡና ስሙኝ። የማወራችሁ የፍቅር ወሬ ነው። ሳቅም አለበት። ሳቁን ግን አትቸኩሉበት፤ እኔ ቸኩዬ የሳቅሁት ሳቅ ነው እስከ ዛሬ የሚከተለኝ።

መስፍን እባላለሁ። ከስድስተኛ ክፍል በላይ አልተማርኩም፤ ያየሁትን ግን አልረሳም። ሥራዬ ድንኳን ማከራየት ነው። ድንኳን፣ ወንበር፣ ሰሃን፣ አንድ ጆሮ የሚያደነቁር ድምፅ ማጉያ። የቀወት ገበሬም ሆነ የከተማው ባለ ሆቴል፣ ሲድርም ሲቀብርም የሚመጣው እኔ ዘንድ ነው። ከድንኳኖቼ አንዱ ነጭ ነው፤ ጥጉ ላይ በሰማያዊ ጨርቅ ተጥፏል። የማወራችሁ ነገር ሁለት ጊዜ በሱ ሥር አልፏል። ሳጥፈው አንዳንዴ ከሸራው ውስጥ የሰው ሳቅ የሚወጣ ይመስለኛል። ሚስቴ «አረጀህ» ትለኛለች። ይሆናል።

ልጁ ሙሉቀን ይባላል። ያኔ ሃያ ስድስት ዓመት ቢሆነው ነው። መናኸሪያ ውስጥ ተሳፋሪ ይጠራል፣ ወረፋ ያስይዛል። ረጅም፣ ቀጭን፣ ጆሮው ወጣ ወጣ ያለ። እግዜር ለሱ አንድ ጉሮሮ ሰጥቶ የሰውን ሁሉ ድምፅ አጭቆበታል። ትራፊኩን ሲያስመስል ሹፌሮቹ መንጃ ፈቃዳቸውን መዳበስ ይጀምራሉ። አንድ ቀን ከደጄ ቆሞ በኔ ሳል ቢስል፣ ሚስቴ «ገባህ?» እያለች በር ከፈተችለት።

ልጅቷ ናርዶስ ናት፤ የተክሌ ትንሿ ልጅ። ተክሌ እኩያዬ ነው፤ ከከተማው ወረድ ብሎ፣ ከሮቢ ወንዝ ወዲያ ማዶ፣ ማሽላና ማሾ የሚያርስ ገበሬ። እሷ ያኔ ደብረ ሲና ቤት ተከራይታ ትማር ነበር፤ ቅዳሜ ቅዳሜ ወደ ቤቷ ትወርዳለች። ፊት ጥርሷ ፍንጭት ነው። ስትስቅ ያየ ሰው የሄደበትን ጉዳይ ይረሳል።

የተገናኙት በአንድ ሎሚ ነው። ከደብረ ሲና የሚወርደውን መንገድ ታውቁታላችሁ፤ ይጠመዘዛል፣ ይጠመዘዛል፣ ከዚያ ሙቀቱ ይቀበላችኋል። በዚያ ቅዳሜ ናርዶስ ከሚኒባሱ ስትወርድ ፊቷ አመድ መስሏል። በሩን ተደግፋ ዓይኗን ጨፈነች።

«እህት፣ እንቺ ሎሚ አሽትቺ» አላት ሙሉቀን።

«ተወኝ።»

«እኔስ ልተውሽ፤ ሚኒባሱ ግን ገና አልተወሽም።»

እሱ ድምፁን አጎርንኖ፣ ሆዱን ወደፊት ገፍቶ፣ ሹፌሩን ሆነ፦ «እኔ እኮ ይሄን ቁልቁለት ዓይኔን ጨፍኜ ነው የምነዳው! ሃያ ዓመት! አንድ ዶሮ አልነካሁም!»

ናርዶስ አንድ ዓይኗን ከፈተች። ሹፌሩ ራሱ ከሙሉቀን ኋላ እጁን ወገቡ ላይ አድርጎ ቆሟል።

«ዶሮዋንማ ሳትነካት አልቀረህም» አለችው ለሹፌሩ፣ «ጨፍነህ ስለነበር አላየሃትም እንጂ።»

መጀመሪያ የሳቀው ሹፌሩ ነው። ቀጥሎ እሷ። ሙሉቀን ግን አልሳቀም፤ ፍንጭቷን ሲያይ ቃል ጠፋበት። የሰው ድምፅ ሁሉ ያለው ልጅ፣ የራሱ ድምፅ ጠፋበት።

ከዚያ ወዲህ ቅዳሜ ቅዳሜ ሎሚ ይዞ ይጠብቃታል። እሷም ወርዳ ሎሚውን ስትቀበል የምትለው አንድ ነገር ነበር፦

«ዛሬ ማንን ይዘህ መጣህ?»

እሱም ይዞ የመጣውን ያወጣል። ማንጎ ደላላውን፣ በየለቅሶው ቀድማ የምትጮኸውን ሴትዮ፣ የሆቴሉን ዘበኛ። እሷ ሆዷን ይዛ ትስቃለች። አንድ ቀን ብቻ ሳቋን ገታ አድርጋ ጠየቀችው።

«እነሱ ቢሰሙህስ?»

«አብረው ይስቃሉ።»

«ባይስቁስ?»

«የማይስቅ ሰው አላጋጠመኝም።»

መሬት መሬት አየች። «የኔን ሰው ግን እንዳታስመስልብኝ» አለችው።

«ያንቺ ሰው ማነው?»

አልመለሰችለትም። በኋላ እያለቀሰች እንደነገረችኝ፣ ያኔ «አባቴ ይንተባተባል» ብትለው ኖሮ ይህ ሁሉ አይመጣም ነበር። አፈረች። ልጆቼ፣ ያቺ ዝምታ ትንሽ ነገር ትመስላለች፤ አብራችሁ ቁጠሯት።

አዎ፣ ተክሌ ይንተባተብ ነበር። ከልጅነቱ ጀምሮ። የገዛ ስሙን ለመጥራት ሦስት ጊዜ ይነሳል። ገበያ ሲወጣ በጣቱና በዓይኑ ነው የሚነጋገረው፤ ስለዚህ ከተማው ውስጥ ድምፁን የሰማ ሰው ጥቂት ነው። ማሳው ውስጥ ሆኖ በዜማ ሲሆን ግን አይዘውም። ጎህ ሲቀድ እየጎለጎለ ሲያንጎራጉር ቃሉ እንደ ውሃ ይፈስሳል። ናርዶስ ያደገችው በዚያ ዜማ እየነቃች ነው።

በዚያው ዓመት፣ ከፋሲካ በኋላ፣ ትልቋ ልጁ ዓለምፀሐይ ተዳረች። ሙሽራው ሰይፉ የሙሉቀን ጓደኛ ነው፤ ሙሉቀን ሚዜ ሆነ። የሠርጉ ወሬ ሲነሳ ዘመድ ተሰብስቦ «ምርቃቱን ቄሱ ያድርጉት፣ ወይም ወንድምህ» ብሎ ተክሌን መከረው። ተክሌ ራሱን ነቀነቀ።

«ል... ልጄን እኔ ነኝ የ... የምመርቃት።»

«እንግዲያው በዜማ አድርገው» አልኩት እኔ። «በዜማ አይዝህም።»

«ም... ምርቃት ዘፈን አይደለም፣ መ... መስፍን» አለኝ።

ከዚያ በኋላ ወር ሙሉ ከማሾው ማሳ ጀርባ እየተመላለሰ ሲለማመድ ናርዶስ ትሰማው ነበር። እያንዳንዷን ቃል በቃሏ ያዘችው።

የሠርጉ ዕለት ነጩን ድንኳን ተክሌ ማሳ ዳር ተከልኩ። ሚዜዎቹ ሲደርሱ የሙሽሪት ወገን ሴቶች እንደ ወጉ በሩን ዘጉ። በኛ አገር ያቺ ሰዓት የስድብ ሰዓት ናት፤ ሙሽራውም ሚዜውም እየተዘፈነባቸው ይሰደባሉ፣ እነሱም ይመልሳሉ። ደጅ ላይ የተባለው እዚያው ደጅ ላይ ይቀራል፤ ቂም ይዞ የሚገባ የለም። ከሁሉ ፊት ናርዶስ ነበረች።

«ሚዜው መጣ ጆሮውን ዘርግቶ፣
ነፋስ ቢነሳ ይበራል ሙሽራውን ትቶ!»

ሙሉቀን ጆሮውን በሁለት እጁ ይዞ እንደ ወፍ ተርገበገበ። ሴቶቹ ከሳቅ ብዛት በሩን ለቀቁት። ልቡ ሞላ፤ የሚወዳት ልጅ በሰው ሁሉ ፊት ሰደበችው፣ እሱም አሳቃት። ያ የደጅ ፈቃድ የደጅ ብቻ መሆኑን ረሳ። ይዞት ወደ ውስጥ ገባ።

ምሳ ተበላ፣ ጠጁ ዞረ። «የሙሽሪት አባት ይመርቅ!» ተባለ። ማይክሮፎኑን በእጁ ያስጨበጥኩት እኔ ነኝ። ያንንም አብራችሁ ቁጠሩት።

ተክሌ ተነሳ። ነጭ ጋቢውን ሁለት ጊዜ አስተካከለ።

«ቤ... ቤታችሁ እንደ ማሾ ማሳ ቶሎ ይድረስ።»

«አሜን!» አልን።

«ደ... ደጃችሁ እንግዳ አይጣ።»

«አሜን!»

«የ... የቆላው ንዳድ አይንካችሁ።»

«አሜን!»

እየሄደለት ነበር። እቴነሽ፣ ሚስቱ፣ እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ ከንፈሯ አብሮት ይንቀሳቀሳል። አራተኛዋ ላይ ደረሰ።

«ል...» አለ። «ል... ል... ል...»

ድምፅ ማጉያዬ ያቺን ድምፅ ይዞ እስከ ወንዙ አደረሳት። ሰው ሁሉ ትንፋሹን ይዟል።

ሙሉቀን ከሙሽራው አጠገብ ተቀምጧል። ቀና ብሎ ናርዶስን ፈለጋት። እናቷ አጠገብ ቆማለች። ዓይን ለዓይን ተያዩ። ፈገግ አለላትና፣ በተክሌ ድምፅ፣ ቁርጥ በተክሌ ድምፅ፣

«አ... አ... አ... አሜን!» አለ።

ድንኳኑ በሳቅ ተናጋ። እኔም ሳቅሁ። ክፋት አልነበረኝም፤ ከዚያ ሁሉ ጭንቀት በኋላ ሳቁ ፈንቅሎኝ ወጣ። የሁሉም እንደዚያው ይመስለኛል። ግን ለሚሳቅበት ሰው ሳቁ ከየት እንደመጣ ማን ይነግረዋል?

ከሙሉቀን አጠገብ የተቀመጠው ረድዋን፣ ባለ ባጃጁ ጓደኛው፣ ብቻውን አልሳቀም። ጉልበቱን ጨብጦ «ምን ነካህ አንተ? ዱዓ ላይ እኮ ነው! አባት እኮ ናቸው!» አለው።

ተክሌ ሰውን ሁሉ ቀስ ብሎ አየ። ዓይኑ አንድ ቦታ ላይ ቆመ። ከዚያ ማይክሮፎኑን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠና ተቀመጠ። ቄሱ ቶሎ ተነስተው በራሳቸው ቃል ጨረሱት፤ ከበሮው ተመታ። የተክሌ ምርቃት ግን «ል» ላይ ቀረ።

ነገሩ በዚያ አላበቃም። አንዱ በስልኩ ቀርፆት ኖሯል። በሳምንቱ መናኸሪያው ውስጥ ሰው ሲገናኝ «እንዴት ነህ?» «አ... አ... አሜን!» ሆነ ሰላምታው። ሙሉቀን ገና ጠዋት ሲገባ የገዛ ቀልዱ ተሰልፎ ይጠብቀዋል። ተክሌም ማሾ ሊሸጥ ገበያ ወጥቶ ሰማው። ኬሻውን መልሶ አህያዋ ላይ ጭኖ ወደ ቤቱ ሄደ። ከዚያ ወዲያ ማሳው ውስጥም ዜማ አልተሰማም።

ሙሉቀን ድንኳን ማስቀመጫዬ ድረስ መጣ። ከስቷል።

«ጋሼ መስፍን፣ ሽማግሌ ሁኑልኝ።»

«ለጋብቻ ነው?»

«መጀመሪያ ለይቅርታ።»

በረድዋን ባጃጅ እስከ ወንዙ ሄድን፤ ከዚያ በእግር። ሙሉቀን ከሮቢ ዳር አንድ ጠፍጣፋ ጥቁር ድንጋይ አንስቶ ማጅራቱ ላይ ተሸከመ። ይቅርታ ጠያቂ እንዲህ ነው የሚሄደው። ተክሌ ማንጎው ሥር ማሾ ሲያበጥር አገኘነው። ሙሉቀን ከነድንጋዩ ተንበረከከ።

«አሁን ነው የመጣኸው?» አለችው እቴነሽ። «ያን ዕለት ምላስህ ፈጣን ነበር፤ እግርህ ግን ዘገየ።»

«እማማ፣ ልክ ኖት። ጋሽ ተክሌ፣ ስለ እግዚአብሔር ይቅር ይበሉኝ። አላገናዘብኩም።»

ተክሌ ልጁን አየው። ላብ ከጆሮው ጀርባ ይወርዳል።

«አ... አውርደው» አለ። «አ... አንገትህን ያ... ያምሃል።»

እንደዚህ ነው ይቅር ያለው። ድንጋዩን ራሱ ተቀብሎ፣ ነፋስ እንዳይገልጠው ብሎ የማሾው ኬሻ ላይ ጫነበት። እኔ ደስ ብሎኝ ቸኮልኩ፦

«ተክሌ፣ እንግዲህ ያቺን ምርቃት ጨርስልንና ሌላም የምንጠይቅህ አለን።»

ራሱን ነቀነቀ። «ረ... ረስቼዋለሁ።»

ናርዶስ ከጓዳ በር ላይ ቆማ ነበር። ወደ ግድግዳው ዞረች። እንዳልረሳው ታውቃለች። የነጠላዋን ጫፍ አፏ ላይ አድርጋለች፤ ያኔ ነው ያስተዋልኩት፣ ከሠርጉ ወዲህ ጥርሷን ያየ ሰው የለም።

ሙሉቀን ቅዳሜ ቅዳሜ ሎሚውን ይዞ መቆሙን አልተወም። አጠገቡ ታልፈዋለች። አምስት ቅዳሜ፣ ስድስት ቅዳሜ። በሰባተኛው ቆመች። ያሉትን ሁለቱም ለየብቻቸው ነግረውኛል፤ አንድ ዓይነት ነው የነገሩኝ።

«ማንን ይዘህ መጣህ?» አለችው፤ ግን እንደ ድሮው አይደለም።

«ማንንም። ትቼዋለሁ።»

«ለምን?»

«ያባትሽን ድምፅ ገደልኩባቸው።»

«ባንተ ነው ያቆመው ብለህ ነው የምታስበው?» አለችው። «አባቴ ስልሳ ዓመት ተስቆበታል። ሲስቁበት ነው ያደገው፣ ሲስቁበት ነው ያገባው። ያንተ አንድ አሜን ምኑ ነው? አልፎት ይሄድ ነበር።»

«ታዲያ...»

«እኔን አይቶ ነው።» ነጠላዋን ከአፏ አወረደች። «ለኔ ብለህ አደረግከው፣ እኔም ሳቅሁልህ። ሳላስበው ሳቅሁ። ዓይኑን ሲያዞር ጥርሴ ላይ አረፈ። ያኔ ነው ማይክሮፎኑን ያስቀመጠው። እወድሃለሁ ሙሉቀን፣ አልዋሽህም። ግን አንተን ባየሁ ቁጥር ልስቅ እላለሁ፤ ልስቅ ስል ደግሞ ያንን ዓይኑን አያለሁ።»

ሎሚውን ተቀበለችው። ሳታሸተው ይዛው ሄደች።

መስከረም ላይ ንዳድ ገባ። በቆላችን በየዓመቱ ይገባል፤ በዚያ ዓመት ከበደ። ተክሌን በስምንት ቀን ወሰደው። በመጨረሻው ቀን ናርዶስ እግሩ ሥር ተደፍታ «አባዬ፣ ስቄብህ አይደለም» ስትለው፣ እጁን ራሷ ላይ አድርጎ ከንፈሩን አንቀሳቀሰ። «ል...» አለ። ልጄ ሊል ይሁን ሌላ፣ አልታወቀም። በዚያው አሸለበ።

ድንኳን ስጡን ብለው ሲልኩብኝ ነጩ ብቻ ነበር ባዶ። ሌሎቹ በየለቅሶው ወጥተዋል። በዚያው ማሳ ዳር፣ በዚያው ጉድጓድ ካስማውን ተከልኩት። ቄሱ ጸሎት አድርሰው ሰው «አሜን» ሲል፣ ድንኳኑ ውስጥ አንድ አፍታ ጸጥ አለ። ግን ሁላችንም የሰማነው አንድ ድምፅ ይመስለኛል። ራሱን ያላቀረቀረ አልነበረም።

በሦስተኛው ቀን፣ ከሠልስቱ በኋላ፣ ድንኳኑን ለማንሳት ሄድኩ። ሙሉቀን ያኔ መናኸሪያውን ትቶ ከኔ ጋር ካስማ ይሸከማል። ሰው ተበትኗል። ገመዱን ልንፈታ ስንል ናርዶስ መጣች፤ እናቷን፣ ዓለምፀሐይንና ሰይፉን አስከትላለች። ዓለምፀሐይ በክረምቱ ፅንስ ወርዶባት ነበር፤ ሴቶቹ በየጓሮው «ምርቃቱ ሳያልቅ ስለተዳረች ነው» ሲሉ ሰምታለች። ፊቷ ለቅሶ የተቀመጠ ሰው ፊት አይደለም፣ ሌላ ክፉ የሚጠብቅ ሰው ፊት ነው።

«ጋሼ፣ ትንሽ ያቆዩልን» አለችኝ ናርዶስ። ከዚያ ወደ ሙሉቀን ዞረች። «ማንን ይዘህ መጣህ?»

«ማንንም አልያዝኩም፣ ናርዲ።»

«ዋሸህ። አባቴን ይዘሃል።»

ካስማው ከእጁ ወደቀ።

«እንዴት አወቅሽ?» አላት። «ከዚያን ቀን ወዲህ አልወጣ ብሎኛል። ሎሚ ስንት ነው ልል አፌን ስከፍት የሳቸው ድምፅ ይቀድመኛል። ቤተ ክርስቲያን ቆሜ አሜን ልል ስል ይይዘኛል። ሳስመስል እንዳይመስልሽ። እውነት ይይዘኛል። ሰው እንዳይሰማኝ ብዬ ዝም እላለሁ።»

ናርዶስ ቀረበችው።

«ምርቃቱን እኔ አውቀዋለሁ፤ ድምፁ ግን ያለው አንተ ጋ ነው። ሌላ ሰው ዘንድ የለም። በጆሮህ እነግርሃለሁ፣ አንተ በሱ ድምፅ በለው። አንዲትም ቦታ እንዳታስተካክልለት። የሚይዘው ቦታ ይያዘው።»

«ናርዲ፣ አልችልም። ኃጢአት ነው።»

«ያን ዕለት ችለህ ነበር» አለች እቴነሽ ከተቀመጠችበት። ድምጿ ቁጣ የለበትም። «በል ልጄ። ባሌን አንድ ጊዜ ልስማው።»

ዓለምፀሐይና ሰይፉ በሠርጋቸው ቀን በተቀመጡበት በኩል፣ በኔው ወንበር ላይ ተቀመጡ። ማይክሮፎን የለ፣ ከበሮ የለ። ነፋሱ ሸራውን ያርገበግበዋል። ናርዶስ ወደ ሙሉቀን ጆሮ ተጠጋች።

ልጁ አፉን ከፈተ። ልጆቼ፣ ተክሌ ገባ። ጠጉሬ ቆመ። እቴነሽ ከወንበሯ ግማሽ ተነስታ መልሳ ተቀመጠች።

«ል... ል... ል...»

ጠበቅነው።

«ል... ልጅ ይስጣችሁ፤ ስ... ስማችሁን ሳይደናቀፍ የሚጠራ።»

«አሜን» አልን። ዓለምፀሐይ እንባዋን ለቀቀችው። የገዛ ስሙን መጥራት ያቃተው ሰው ለልጁ የለመነላት ይህንን ነበር። በዚያች «ል» ላይ ነበር የሳቅንበት።

ናርዶስ እንደገና ወደ ጆሮው ተጠጋች። የመጨረሻዋን ስትነግረው ሙሉቀን ዓይኑን ጨፈነ።

«የ... የምትስቁበት ቀን አትጡ» አለ በተክሌ ድምፅ። «የ... የሚስቅባችሁ ግን አ... አይኑር።»

«አሜን» አልን። እኔ ሳቄን ያን ጊዜ ነው የሰማሁት፤ የዚያን የሠርግ ዕለት ሳቄን።

ሙሉቀን ተንበረከከ። አሁን ማንም ምንም አልነገረውም። በራሱ ድምፅ ሊናገር ሞከረ።

«አ...» አለ። «አ... አ...»

ያዘው። እውነት ያዘው። ደም ሥሩ አንገቱ ላይ ተገተረ። ማንም አልሳቀ፣ ማንም ቃሉን አልጨረሰለት፣ ማንም ዓይኑን አላሸሸ። እቴነሽ እጇን ደረቷ ላይ አድርጋለች፤ ከንፈሯ አብሮት ይንቀሳቀሳል፣ ልክ ለባሏ እንዳደረገችው። ጠበቅነው። ነፋሱ መጣ፣ ሄደ። ጠበቅነው።

«አሜን» አለ።

ከዚያ ወዲህ ያን ድምፅ አውጥቶት አያውቅም። ሄደለት ይሁን ወይስ ቦታውን አግኝቶ አረፈ፣ አልጠየቅሁትም።

ናርዶስ ትምህርቷን ጨርሳ ማጀቴ ከተማ ሥራ አገኘች። ስትሄድ ሙሉቀን መናኸሪያ ድረስ ሸኛት።

«ዓይኑን ሳላይ መሳቅ የቻልኩ ቀን እልክብሃለሁ» አለችው። «ካልቻልኩ አትጠብቀኝ።»

«ሎሚ ልላክልሽ?»

«ሎሚማ ላክ።»

ሁለት ዓመት ሆነ። ቅዳሜ ቅዳሜ ለማጀቴው መኪና ሹፌር አንድ ሎሚ ይሰጠዋል። መልስ የለም። ዓለምፀሐይ ወንድ ልጅ ወልዳለች፤ ከምርቃቱ ነው አልላችሁም፣ እኔ እንደዚያ ያለውን አላውቅም። አፉን ገና እየፈታ ነው፤ እኔን «ፍን» ብሎ ነው የሚጠራኝ፣ ግማሼን። ጥቁሩ ድንጋይ አሁንም የተክሌ ደጅ ላይ አለ። እቴነሽ ማሾ ስታሰጣ ኬሻውን በሱ ትጫነዋለች።

ባለፈው ቅዳሜ ሹፌሩ ከማጀቴ ተመልሶ ድንኳን ማስቀመጫዬ በር ላይ ቆመ።

«ሙሉቀን፣ መልእክት አለህ። ልጅቷ ሎሚውን አሽታ፣ 'ማንን ይዘህ መጣህ በለው' ብላሃለች። ምን ማለት እንደሆነ እንጃላት» አለው። ቀጥሎ ራሱን አከከ። «ስትለኝ ግን አፏን በነጠላዋ አልሸፈነችም።»

ሙሉቀን ዛሬ ጠዋት ሄዷል። ሸሚዙን ራሴ ተኮስኩለት። በእጁ ሎሚ እንጂ ሌላ አልያዘም። ደርሶ ይሆናል በዚህ ሰዓት። ምን እንደሚላት አላውቅም፤ የራሱ ድምፅ ይበቃው እንደሆን እሷ ታየዋለች። እኔ እዚህ ተቀምጬ ድንኳኑን አያለሁ። ዛሬ ዝም ብሏል።

እናንተ ግን ልጆቼ፣ ተነስታችሁ ከመሄዳችሁ በፊት አንድ ነገር ልለምናችሁ። ሳቁ፤ ሳቅ የሌለበት ድንኳን እኔም አልተክልም። ግን አንድ ቀን ሰው ሲመርቃችሁ ቃሉ ቢይዘው፣ ተክሌን አስታውሱልኝ። ዝም ብላችሁ ጠብቁት። ሲጨርስ ደግሞ አሜናችሁን ሙሉውን በሉለት።